ተረት ሰብሳቢው ተረት ሲጠራጠር

ከጅማ በአጋሮ በኩል ጎማ ወረዳ ጮጬ የደረሰ ሰው የእረኛውን የካልዲንና የፍየሎቹን ነገር ሳይሰማ አይመለስም። ቦንጋ ከወረደ ደግሞ ከፋዎች የማንኪራን ጫካ እያሳዩ «የቡና መገኛው ይኸውና» ይሉታል። በሁለቱ መካከል ዳኛ ለመሆን የሚያምረው ሁሉ አስቀድሞ ሊያነበው የሚገባ አንድ ቀጭን መጽሐፍ አለ፤ ፈረንሳዊው አንቷን ጋላን ስለ ቡና አመጣጥና መስፋፋት በደብዳቤ መልክ ጽፎ እ.ኤ.አ. በ1699 ያሳተመው። (ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው።)

ጋላን ያልተዋጠለት የፋውስቶስ ናይሮን ትረካ ነው። ሮም ይኖር የነበረው ይህ ማሮናዊ ክርስቲያን ሊቅ በ1671 ባወጣው የላቲን ድርሳን፣ መንጋው ሌሊት አልተኛ ያለው እረኛ ለመነኮሳት አቤት ይላል፤ እነሱም ፍሬውን አፍልተው ለሌሊት ጸሎት መንቂያ ያደርጉታል። ልብ በሉ፤ እረኛው ስም የለውም፤ አገሩም የመን ነው። ካልዲ የተባለውም፣ ኢትዮጵያዊ የሆነውም በኋላ ነው።

ጋላን ከዚህ ይልቅ ያመነው አብድ አልቃድር አልጀዚሪ በ1587 ገደማ ስለ ቡና በዐረብኛ የጻፈውን ነው። መጽሐፉ ነፍስ የሚዘራውም እዚህ ላይ ነው። በ1511 የመካው ሹም ኻኢር ቤግ በመስጊድ አቅራቢያ በሌሊት ተሰብስበው ቡና የሚጠጡ ሰዎችን አይቶ ደነገጠ፤ ፈቂሆችን (የእስልምና ሕግ ሊቃውንትን) እና ሐኪሞችን ሰብስቦ አስፈረደ፤ ቡናውም ተቃጠለ። ስለ ስኒ ይህን ያህል ፍርሃት! እረኛና ፍየል የሌሉበት ይህ ታሪክ ከተረቱ ይልቅ ያስደነግጣል።

የሚገርመው፣ ይኸው ተጠራጣሪ ሰው ከ1704 ጀምሮ «ሺህ አንድ ሌሊት»ን ለአውሮፓ ያቀረበ ነው። አላዲንንና ጂኒውን በ1709 ፓሪስ ላይ የነገረው የሐለቡ ሐና ዲያብም ማሮናዊ ነበር። የአንዱን ማሮናዊ ተረት ጣለ፤ የሌላውን በደስታ አሳተመ። እኔ ይህን ግብዝነት አልለውም። ተረት በተረትነቱ ሲመጣ በሩን ከፈተለት፤ ታሪክ ነኝ ሲል ግን ምስክር ጠየቀው።

ችግሩ ብራና ሲያይ ጥርጣሬው መተኛቱ ነው። የኤደኑ ሊቅ ዘብሃኒ በባዕድ አገር ቡና ጠጪዎችን አይቶ ልማዱን እንዳመጣ አልጀዚሪ ይተርካል፤ ጋላን ያንን አገር ፋርስ አደረገው። ፋርስ ቡና የት አላት? በዘመናችን የቡና ቤቶችን ታሪክ የጻፈው ራልፍ ሃቶክስ አገሩ ከየመን ማዶ ያለው የአፍሪካ ዳርቻ ነው ይላል። ተክሉ ከየት መጣ ብሎ አጥብቆ የጠየቀ ሰው ፊቱን ወደዚህ ባዞረ ነበር። ተጓዡ ጄምስ ብሩስ እንኳ በ1790 መጽሐፉ ኦሮሞዎች በቅቤ የተለወሰ ቡና ስንቅ አድርገው እንደሚዘምቱ ጽፏል፤ በቅቤ የሚሰናዳውን ቡና ቀላ የሚያውቅ ሰው ይህ አያስገርመውም። ቡና እዚህ ከመፍላቱ ሌላ መበላትም፣ መመረቅም አለው፤ በጋላን ገጾች ይህ ሁሉ የለም።

ለጮጬና ለማንኪራ ሙግት እንግዲህ ጋላን ለማንም አይመሰክርም። አረቢካ ሁለት የቡና ዝርያዎች ተዳቅለው የተገኘ ነው፤ በ2024 የታተመ የዘረመል ጥናትም ጊዜውን ከ600,000 ዓመት በፊት ገደማ ያደርሰዋል። ያኔ ጮጬም ከፋም፣ ፍየል ጠባቂም አልነበረም።