ሕዝብ የሌለበት ከተማ

ስለ ቴአትርና ስለ ልብ ወለድ በሚጻፍበት ገጽ ላይ የአንድ የኮምፒዩተር ተኩስ ጨዋታ ሜዳ ጉዳይ ይዤ ስመጣ ቅር የሚላቸው አንባቢያን እንደሚኖሩ አላጣሁትም፡፡ ሆኖም ከሃያ ዓመታት በላይ በየአገሩ ያሉ ወጣቶች እንደ ሰፈራቸው ጥጋ ጥጉን ያወቁትን ሥራ፣ “ጨዋታ ነው” ብሎ ብቻ ማለፍ ለሐያሲ አይገባም፡፡

ሥራው “ደስት” ይባላል፤ አቧራ እንደ ማለት ነው፡፡ እ.ኤ.አ. በ1999 “ካውንተር ስትራይክ” ለተባለው ጨዋታ የሠራው ዴቪድ ጆንስተን የተባለ እንግሊዛዊ ሲሆን፣ በጊዜው ገና ተማሪ ነበር፤ ቀጥሮ ያሠራው ኩባንያ አልነበረም፡፡ ካውንተር ስትራይክ ራሱ ሚን ሊና ጄስ ክሊፍ የተባሉ ሁለት ወጣቶች በ1998 የወጣውን “ሃፍ ላይፍ” ተንተርሰው ያበጁት ነው፤ ቫልቭ ኩባንያ ለገበያ ያቀረበው ቆይቶ በ2000 ነው፡፡ ለዚህ ሁሉ መንገዱን የጠረገው በ1993 የወጣው “ዱም” ነበር፡፡ የዱም ሠሪዎች ካርታውንና ሥዕሉን ከዋናው ፕሮግራም ለይተው በሌላ ፋይል ስላስቀመጡት፣ ተጫዋቹ ፕሮግራሙን ሳይነካ የራሱን ቤትና ጎዳና መሥራት ቻለ፡፡

ወደ ደስት ልመለስ፡፡ አሸዋ የመሰለ ግድግዳ፣ ቅስት በር፣ የእንጨት ሣጥን፣ በድልድይ ሥር የሚያልፍ ጨለም ያለ መተላለፊያ፤ በቃ ይኸው ነው፡፡ አንዱ ወገን ቦንብ ሊያጠምድ ይመጣል፣ ሌላው ይከላከላል፡፡ እንደ መድረክ ካየነው የተዋጣለት ነው፤ ሁለቱ ወገኖች የት እንደሚገናኙ ማዕዘኑ ሁሉ ቀድሞ ይናገራል፤ አዲስ ተጫዋች እንኳ በሁለተኛው ዙር መንገዱ አይጠፋውም፡፡ እንደ ከተማ ካየነው ግን ባዶ ነው፡፡ የተሰጣ ልብስ የለ፣ ገበያ የለ፣ ከበር የሚወጣ ሕፃን የለ፡፡ ዐረብ አገር ይመስላል፤ የትኛው እንደሆነ ግን የሚናገር ነገር የለም፡፡ ጆንስተን መልኩን የቀዳው ያኔ ገና ካልወጣው “ቲም ፎርትረስ 2” ሥዕሎች መሆኑን ራሱ ጽፏል፡፡ የሥዕል ሥዕል ነው ማለት ነው፡፡ የሰው አገር እንዲህ ስም አልባ የጦር ሜዳ ሲሆን ማየት ደስ አይለኝም፤ ውበቱን ግን አልክድም፡፡

ታዲያ ባዶውን ከተማ ማን ሞላው? እኔ እንደሚመስለኝ ሰርቨሮቹ ናቸው፡፡ ሰርቨር ተጫዋቾች የሚገናኙበት፣ ቀን ከሌት የሚሠራ ኮምፒዩተር ነው፤ ያኔ የፈለገ ሰው ሁሉ ሊያቆመው ይችል ነበር፡፡ ኪራዩን በመዋጮ የሚከፍሉ ጓደኛሞች ነበሩ፡፡ በገና ጨዋታ የሜዳው ስፋትና የተጫዋቹ ቁጥር በሰፈሩ ስምምነት እንደሚወሰን ሁሉ፣ እዚህም ደንቡን የሚያወጡት ባለቤቶቹ ናቸው፡፡ የወገን ጥይት ይግደል ወይስ አይግደል? ከደስት ቀጥሎ የትኛው ካርታ ይምጣ? ሌላው ቀርቶ የምድር ስበት እንኳ በቁጥር ይቀየራል፤ ከ800 ወደ 200 ሲወርድ ተዋጊው ሁሉ እንደ ላባ ይንሳፈፋል፡፡ ካርታው የሌለው እንግዳ ቢመጣ ከዚያው ከሰርቨሩ ይወርድለታል፡፡ ኢንተርኔት በስልክ መስመር በሚመጣበት ዘመን ይህ ትዕግሥት ይጠይቅ ነበር፡፡ ተጫዋቹን አይጥ አሳክለው በሰው ቤት ወለል ላይ የሚያራውጡ ካርታዎችም ነበሩ፤ ከደስት ይልቅ በፍቅር የተሠሩት እነዚያ ይመስሉኛል፡፡

ከሁሉ የሚገርመኝ የሙታኑ ወግ ነው፡፡ በካውንተር ስትራይክ የሞተ ሰው ዙሩ እስኪያልቅ አይነሣም፤ ቁጭ ብሎ ያያል፡፡ ሙታን የሚጻጻፉትን ደግሞ በሕይወት ያሉት አያነቡትም፡፡ ስለዚህ ቀድመው የሞቱት ተሰብስበው የመጨረሻውን ተፋላሚ ያሙታል፣ ይሳለቁበታል፣ ስለ ፈተናቸውና ስለ ሥራቸው ያወጋሉ፡፡ ማታ ማታ ወደዚያው ሰርቨር የሚመጡት ያው ሰዎች ናቸው፤ ለደንበኛ ቦታ ይያዝለት ነበር፡፡ ወዳጅነቱ የተገመደው በተኩሱ ሳይሆን በዚህች የጥበቃ ደቂቃ ነው ባይ ነኝ፡፡

ገነት ነበር አልልም፡፡ ለጆሮ የሚቀፍ ስድብ፣ የዘረኞች ቀልድም ነበር፤ አንዳንዱ ባለቤት ሲበሳጭ ያሸነፈውን ሰው ያባርር ነበር፡፡ በ2009 “ሞደርን ዋርፌር 2” የግል ሰርቨርን ለኮምፒዩተር ተጫዋቾች ሲነፍግ ግን ብዙ ሺህ ሰዎች የተቃውሞ ፊርማቸውን አኖሩ፡፡ ጨዋታው ያለ ግል ሰርቨር ወጣ፡፡ ዛሬ በአብዛኛው ማሽኑ አቻዎን ፈልጎ ያጋጥምዎታል፤ በችሎታ ረገድ ይህ ፍትሐዊ ነው፡፡ የግል ሰርቨርም ጨርሶ አልጠፋም፤ አዲስ መጪው ግን በዋናው በር ሲገባ አያገኘውም፡፡

ጆንስተን በ2001 ባወጣው “ደስት 2” ዛሬም ይጫወቱበታል፡፡ ቫልቭ በ2017 ስላደሰው ግድግዳው ጠርቷል፣ የሰው መኖሪያም መምሰል ጀምሯል፡፡ ግጥሚያው ሲያልቅ አሥሩም ሰዎች ይበተናሉ፤ ነገ ማታ ማን እንደሚመጣ የሚያውቅ የለም፡፡