ስለ ኒው ዮርክ የልብስ ሰፈር ደንብ አጭር ሂስ

የፋሽን ሰፈር ለመሥራት የሚነሡ ፕላን አውጪዎች አብዛኛውን ጊዜ አስቀድመው የሚነድፉት የማሳያውን አዳራሽና ባለመስተዋቱን ሱቅ ሲሆን፣ የስፌት መኪና የሚተከልበት ፎቅ ግን የሚታሰበው በመጨረሻ ነው። በኒው ዮርክ ከተማ፣ በማንሐታን፣ ከ35ኛው እስከ 40ኛው መንገድ ገደማ ያለው የልብስ ሰፈር ግን የሚኖረው በቅርበት ነው፤ ንድፍ አውጪው፣ ቈራጩ፣ ሽንሽን አውጪው፣ የቁልፍና የዚፕ ነጋዴው በእግር ስለሚገናኙ ጧት የታሰበ ናሙና ሳይውል ሳያድር ከሰፊው እጅ ይደርሳል።

ከተማው ይህን ለመጠበቅ፣ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1987 ደንብ አወጣ፤ ይኸውም ተለይተው በተወሰኑ መንገዶች ላይ የፋብሪካ ፎቁን ወደ ቢሮ የሚለውጥ ባለ ሕንፃ፣ በዚያው ልክ ሌላ ቦታ ለልብስ ሥራ እንዲያስቀር የሚያስገድድ ነበረ። አሳቡ መልካም ነው። ነገር ግን ደንቡ የጠበቀው ወለሉን ነው እንጂ ሰፊውን አይደለም። የኪራዩን ዋጋ አልወሰነም፤ በርካሽ ተሰፍቶ ከባሕር ማዶ የሚገባውንም ልብስ አላገደም (ይህስ ከአንድ ከተማ አቅም በላይ ነው)። ቍጥጥሩም የላላ ስለ ነበረ ቢሮው ቀስ በቀስ ገባ።

በ2018 ደንቡ ሲሻር፣ ኪራዩን በመጠን ይዞ ለልብስ ሠሪ በረጅም ውል ለሚያከራይ ባለ ሕንፃ የግብር ቅናሽ ተፈቀደ። ይህ ቢያንስ ኪራዩን ይነካል፤ ሆኖም ፈቃዱ የባለ ሕንፃው ነው። በዚያው ጊዜ አንድ ሕንፃ ለልብስ ሥራ ብቻ ተብሎ እንዲገዛ ከተማው የገንዘብ ርዳታ ለመስጠት ቃል ገብቶ ነበር። በእኔ ግምት ይህ ገና በ1987፣ ኪራዩ ሳይወደድና ሰፊዎቹም ሳይበተኑ ሊደረግ የሚገባው ነበረ።