ያልተመዘገበው ዘፈን፤ ስለ ወይጦዎች የተጻፉ ሦስት ምስክርነቶች ሲመረመሩ

በጣና ሐይቅ ዳር የሚኖሩት ወይጦዎች ጉማሬ በማደን፥ ዓሣ በማጥመድና ከደንገል ታንኳ በመሥራት የታወቁ ናቸው። የራሳቸው ቋንቋ ግን ጠፍቶአል፤ ዛሬ የሚናገሩት አማርኛ ነው። ብዙዎቻችን ይህን ስንሰማ «ዘመን ያመጣው ነው» ብለን እናልፈዋለን። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ግን ጉድለቱ የመዝጋቢዎችም ጭምር መሆኑን ማሳየት ነው።

የስኮትላንዱ ተጓዥ ጄምስ ብሩስ በ1770 ገደማ (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) አገራችንን ሲጐበኝ የወይጦዎች ቋንቋ ከሌሎቹ ፈጽሞ የተለየ መሆኑን ጽፎአል። ነገር ግን ለማጥናት የሞከረበትን መንገድ እንመልከት። ንጉሡን ለምኖ ሁለት ወይጦዎች አስጠራ፤ እንደሚሰቀሉ ቢዛትባቸው እንኳ አልመለሱለትም። እርሱም አይመልሱም፥ አይገባቸውምም ብሎ ጻፈ። የስቅላት ዛቻ እየሰማ ቋንቋውን የሚያስተምር ሰው ግን ከወዴት ይገኛል?

ጀርመናዊው አይገን ሚትቮክ በ1907 ሁሉም አማርኛ ተናጋሪዎች መሆናቸውን ገለጠ። ፈረንሳዊው ማርሴል ግሪዮል በ1928 ሲያልፍ አንድ ወይጦ በጠፋው ቋንቋ ሲዘፍን ሰማ። ዘፋኙ ራሱ ከጥቂት የጉማሬ አካል ስሞች በቀር ትርጉሙን አያውቅም ነበር። ግሪዮል መስማቱን ስለ ነገረን ይመሰገናል፤ ዘፈኑ ሳይመዘገብ መቅረቱ ግን የማይካስ ጉዳት ነው።

የተረፉት ቃላት የጉማሬ አካል ስሞች መሆናቸው በአጋጣሚ አይመስለኝም፤ አደኑ ስላልቀረ ቃሉም አልቀረም። እንግዲህ ቃል ከሥራው ጋር ይኖራል፥ ከሥራውም ጋር ይጠፋል ማለት ነው። በ1986 የሞተር ጀልባና የናይሎን መረብ ወደ ጣና ገብተው የዓሣውን ሥራ ለውጠዋል። ደግሞም ጎረቤቶቻቸው ጉማሬ ይበላሉ እያሉ ሲጸየፉአቸው ስለ ኖሩ፥ አሮጌውን ሥራ መተው ለአንዳንዱ እፎይታ ሊሆን ይችላል። ስለዚህ «ባህላችሁን ጠብቁ» ብሎ ከሩቅ ማዘዝ የእኛ ድርሻ አይደለም።

እኔ በምኖርበት በዓለም ባንክ ሠፈር የደንገል ታንኳ የሚታወቀው በሥዕል ነው። ሥዕሉ ቅርጹን ያሳያል እንጂ ሠሪው ለእያንዳንዱ ክፍልና ለእያንዳንዱ አስተሳሰር የሚሰጠውን ስም አይናገርም። የእኛ ድርሻ ሠሪውን አስፈቅዶ፥ አጠገቡ ተቀምጦ፥ እጁ ሲሠራ አፉ የሚለውን መጻፍ ነው። በክረምቱ ዕረፍት ወደ ባሕር ዳር የሚሄዱ ጓደኞቻችን ይህን ቢጀምሩ፥ ብሩስ በዛቻ ያላገኘውን እነርሱ በትሕትና ያገኙት ይሆናል።