ዓይኑን ሸፍኖ ያሳየናል

ሱሉልታ፣ ታላቅ እህቴ ቤት፣ እሁድ እሁድ ማታ አንድ ጉባኤ አለ። ጉባኤውን የሚጠራው ሰው ግን ሱሉልታ የለም፤ ቨርጂኒያ ነው። ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ሲሆን፣ ለእሱ ገና ቀትር ላይ ነው፣ የእህቴ ሁለት ትንንሽ ልጆችና ሦስት የጎረቤት ጎረምሶች አንዲት ስልክ ከስኳር ዕቃው ጋር አስደግፈው ይከቧታል። ቴሌግራም ይከፈታል። ከዚያማ ሁላችንም የእህቴን የበኩር ልጅ ጨዋታ ማየት እንጀምራለን። ልብ በሉልኝ፣ ልጁን እናያለን አላልኩም፤ ጨዋታውን።

እኔ እሁድን ብዙ ጊዜ እዚያ ስለማሳልፍ የጉባኤው ታዛቢ አባል ሆኛለሁ። ደግሞም ለዓመታት ሥነ ጽሑፍ ሳስተምር የኖርኩ ሰው ነኝና አንድን ነገር ሦስቴ ካየሁት ሳልሄሰው እንቅልፍ አይወስደኝም። የሙያ በሽታ ነው፤ ታገሡኝ።

ነገርየው ልጆቹ «ቪአር» የሚሉት ነው። ሙሉ ስሙ ቨርቹዋል ሪያሊቲ ነው። በአማርኛ «ምናባዊ እውነታ» እያሉ የሚጽፉ አሉ። ምናብና እውነታን በጥቁር ሰሌዳ ላይ ግራና ቀኝ ለይቼ ሳስተምር ኖሬ፣ በስተርጅና ተጋብተው ሳገኛቸው ትንሽ ቅር ብሎኛል። ይሁን። ልጁ ፊቱ ላይ የዋና መነጽር የመሰለ ግን በጣም የወፈረ ዕቃ ያስራል። በውስጡ ለቀኝ ዓይኑ አንድ፣ ለግራ ዓይኑ ትንሽ የተለየ ሌላ ምስል ይቀርብለታል። አእምሮው ሁለቱን ገጥሞ ቅርብና ሩቅ፣ ጥልቀትና ከፍታ ያወጣበታል። ብልሃቱ አዲስ አይደለም። እንግሊዛዊው ቻርልስ ዊትስቶን እ.ኤ.አ. በ1838 ይህንኑ በሁለት ሥዕልና በመስታወት ሠርቶ አሳይቷል። በ1968 አሜሪካዊው አይቫን ሰዘርላንድ በኮምፒውተር አደረገው፤ ዕቃው ከመክበዱ የተነሳ ከኮርኒስ ላይ መንጠልጠል ነበረበት። ከዚያ በ2014 ፌስቡክ ኦኩለስ የሚባለውን ኩባንያ በሁለት ቢሊዮን ዶላር ገዛ፤ በ2020 ላይ አንዱ መነጽር በ299 ዶላር ይሸጥ ጀመር። የእህቴ ልጅም ገዛ።

መነጽሩ ምስሉን ወደ ኮምፒውተር ይልካል፤ ኮምፒውተሩ ደግሞ ወደ ቴሌግራም ግሩፑ። አሜሪካ ያሉ ተጫዋቾች ለዚህ የሚጠቀሙት ዲስኮርድ የሚባለውን ነው አሉ፤ ለጨዋታ ሰዎች ተብሎ በ2015 የወጣ። ሱሉልታ ግን ዲስኮርድን የሚያውቅ የለም፤ ቴሌግራም የሌለው ደግሞ የለም። እሱም ከ2021 ጀምሮ በግሩፕ ውስጥ ስክሪን ማሳየት ስለሚፈቅድ ነገሩ ተሳካ።

አሁን ወደ ሂሱ። ለእኛ የሚደርሰን ምንድነው? ልጁ በሁለት ዓይኑ ከሚያየው ውስጥ የአንዱ ዓይን ድርሻ ብቻ ነው። ጥልቀቱ እዚያው ቨርጂኒያ ይቀራል። ገደል አፋፍ ላይ ቆሞ ጉልበቱ ሲንቀጠቀጥ እኛ የምናየው የግድግዳ ካሌንደር ላይ ያለ ገደል ነው። መንቀጥቀጡ ግን ይደርሰናል! ሰው ጭንቅላቱን ሲያዞር የገዛ አእምሮው ያረጋጋለታል፤ ዓለም የተናወጠች አይመስለውም። የእኛ አእምሮ ግን ስለ እሱ ጭንቅላት መዞር ማን ነግሮት? እሱ ዞር ዞር ባለ ቁጥር ስልኳ ውስጥ ያለችው ዓለም እንደ ተናጠ ወተት ትላለች። የመጀመሪያውን እሁድ ራሴን ይዤ ነው የተነሳሁት።

ጨዋታዎቹም ይለያያሉ። ቢት ሴበር የሚባል አለ፤ ቼኮች በ2018 ያወጡት፤ በሙዚቃ ምት እየተወረወሩ የሚመጡ ኩቦችን በሁለት የብርሃን ሰይፍ መቁረጥ ነው። ለተጫዋቹ ጭፈራ ነው ይላሉ፤ አምናለሁ። የጭፈራው ውበት ግን ሰውነቱ ላይ ነው፤ ሰውነቱ ደግሞ አይታይም። እስክስታን በጨፋሪው ትከሻ ላይ በታሰረ ካሜራ ለማየት ሞክሩ፤ እንደዚያ ነው። ጎሪላ ታግ የሚባለው ይሻላል። በ2021 የወጣ፣ የእኛው አባሮሽ ነው፤ እግር የሌላቸው ዝንጀሮዎች በእጃቸው እየተወነጨፉ ይባረራሉ። እዚህ ጋ ልጆቹ ነፍስ ይዘራሉ። «ከኋላህ! ከኋላህ!» ይላሉ በአማርኛም በኦሮምኛም። ምን ያደርጋል፣ ምስሉ ሱሉልታ እስኪደርስ ጥቂት ሰከንዶች ይወስዳል፤ ጩኸታቸው ቨርጂኒያ እስኪደርስም እንዲሁ። ልጁ ከተያዘ በኋላ ነው «ከኋላህ!» የሚባለው። ኳስ በዲሽ ስታዩ ጎረቤት ያለው ቡና ቤት ቀድሞ «ጎል!» ብሎ ያበሸቃችሁ ሰዎች ስሜቱን ታውቁታላችሁ። እዚህ የባሰው፣ ዘግይቶ የሚጮኸው እርዳታ የሚሰጠው ወገን መሆኑ ነው።

ሌላው ሲጫወት ማየት ሞኝነት ነው የሚሉ አሉ። እኔ ከእነሱ ጋር አይደለሁም። ዳማ ሲጫወቱ ከላያቸው ቆማችሁ አታውቁም? ሁለት ሰዎች ቆርኪ ይገፋሉ፣ አሥር ሰዎች ይመክራሉ። አንዱ «ብላው» ይላል፣ ሌላው «ወጥመድ ነው» ይላል፤ ተጫዋቹ ቀና ብሎ ይገላምጣል፣ ይሰድባል፣ ቀስ ብሎም ምክሩን ይሰርቃል። ጆተኒ ቤትም እንደዚያው፤ ሳንቲም የሌለው ልጅ በምላሱ ይጫወታል። ጨዋታው የሁለት ሰው ይምሰል እንጂ የሰፈር ነው። የዚያ ሁሉ ውበት ግን አንድ ነገር ላይ የቆመ ነበር፤ ተጫዋቹና ተመልካቹ አንድ ሰሌዳ ያያሉ፣ ደግሞም ይተያያሉ። ግልምጫዋ ወሳኝ ናት። የእህቴ ልጅ ሊገላምጠን አይችልም። ዓይኑን ሸፍኗል።

ይህን እያሰላሰልኩ ሳለ ነው አንድ ነገር የቆጠቆጠኝ። ልጁ ከሄደ ሦስት ዓመቱ ነው። የመጀመሪያው ዓመት በቪዲዮ ይደውል ነበር፤ ጢሙ ሲያድግ፣ ፀጉሩ ሲቆረጥ፣ ሲከሳ አይተናል። መነጽሩ ከመጣ ወዲህ ግን ፊቱን ያየ ሰው የለም። በሳምንት ሁለት ሰዓት ሙሉ አብሮን አለ፤ ይስቃል፣ ይጮኻል፣ ያለከልካል። ፊቱ ግን የለም። ክፍሉ የለም። ኩኩሉ ስንጫወት ዓይኑን የሚሸፍነው ፈላጊው ነበር። እዚህ ዓይኑን የሸፈነው ተደባቂው ሆኖ አገኘሁት።

ለእህቴ አልነገርኳትም። እሷ ከልጆቹ ኋላ ዱካ ላይ ትቀመጣለች፤ ስልኳን አታይም፤ ጋቢዋን ተከናንባ ጆሮዋን ብቻ ትሰጣለች። በዝንጀሮ ግርግር መሐል ድንገት «ምሳ በልተሃል?» ትላለች። «በልቻለሁ እማዬ» ይላል፣ እያለከለከ። ይበቃታል። ወይም የበቃት ትመስላለች።

ስደተኛ መደበቁ ደግሞ ዛሬ አልተጀመረም። ከሰው መኪና ጋር ተደግፈው የተነሷቸው ፎቶግራፎች በየቤቱ ቡፌ ላይ ለዓመታት ተደርድረው ኖረዋል። መኪናው የማን እንደሆነ የጠየቀ እናት የለም። እነዚያን ፎቶዎች በንቀት አላያቸውም፤ ልጅ እናቱን ከጭንቀት የሚያድንበት አንድ የድርሰት ዘርፍ ነበሩ። በእነሱ ውስጥ ግን ቢያንስ ፊቱ ነበር።

እናላችሁ፣ ባለፈው ክረምት አንድ እሁድ ማታ ዝናቡ ወረደ። ሱሉልታ ሲዘንብ እንዴት እንደሚበርድ ኖሮበት ያየ ያውቀዋል፤ ከእንጦጦ ጀርባ ነው፣ ከባሕር ጠለል በላይ 2,700 ሜትር ገደማ። አገሩ ከ2015 ዓ.ም. ወዲህ የሸገር ከተማ አካል ሆኗል፤ ብርዱ ግን የድሮው ነው። ኔትወርኩ ደከመ። ምስሉ ቆመ፤ ተነቃነቀ፤ ደግሞ ቆመ። በመጨረሻ ምስሉ ጠፍቶ ድምፅ ብቻ ቀረ። ልጆቹ «በቃ ይዝጋ» አሉ። ከመካከላቸው አንዱ፣ የጎረቤት ልጅ ነው፣ «አትዝጋ፣ እየነገርከን ተጫወት» አለው።

ልጁ የያዘው ዘ ክላይምብ 2 የሚባለውን ነበር፤ ጀርመኖቹ ክራይቴኮች በ2021 ያወጡት፣ ገደል መውጣት ነው። መጀመሪያ ላይ ተንተባተበ። «እ… ድንጋይ ነው» አለ። ምን ዓይነት ድንጋይ? «ቀይ።» ከዚያስ? «ትልቅ ነው።» እኔ ብሆን የፈተና ወረቀቱ ላይ ምን እንደምሰጠው አልነግራችሁም። ሁለት ዓመት ሙሉ ሲያሳየን አንድ ቅጽል እንኳ አላስፈለገውም ነበር። ልጆቹ ግን አልለቀቁትም። እጅህ የት ነው? ከታችህ ምን አለ? ቀስ በቀስ ምላሱ ተፈታ። እጆቹ ብቻ እንደሚታዩት፣ ክንድም እግርም እንደሌለው ነገረን። መዳፉ ሲደክም ጠመኔ እንደሚቀባ፣ ጠመኔው ሲያልቅ ጣቱ መንሸራተት እንደሚጀምር። ከታቹ ባሕር እንዳለ፣ ባሕሩን ላለማየት እንደሚፈራ። «አሁን ልዘል ነው» አለና ዝም አለ። ስድስት ሰው በአንድ ክፍል ውስጥ ትንፋሹን ውጦ ሲጠብቅ አያችሁ? ሰባተኛው እኔ ነኝ። «ያዝኩት!» ሲል ቤቱ ተደበላለቀ።

በ1980 ዓ.ም. የሴካፋ ዋንጫ ፍጻሜ፣ ከዚምባብዌ ጋር በፍጹም ቅጣት ምት ስንለያይ፣ እኔ በዚያ ዕድሜዬ ስታዲየም አልገባሁም፤ የሰው ራዲዮ ስር ነበርኩ። የደምሴ ዳምጤ ድምፅ ነው ኳሷን ያሳየኝ። ዛሬም ድረስ ያንን ግብ «አይቼዋለሁ» እላለሁ፤ አልዋሸሁም። ሰው ሲናገር ያላየነውን ማየታችን በእኛ ዘንድ የቆየ ችሎታ ነው። ቪአሩ ስንት ቢሊዮን ዶላር ፈሶበት ለአንድ ሰው ብቻ የሰጠውን ጥልቀት፣ ያ ልጅ በተንተባተበ አፉ ለሰባታችን አካፈለ። ምስሉ በነበረበት ጊዜ ይህን ማድረግ አላስፈለገውም፤ ምስሉ አፉን ዘግቶት ነበር። ስለ ስርጭቱ ያለኝ ዋና ቅሬታ ይሄው ነው።

ነገሩ ግን እዚያ አላበቃም። ተራራው አናት ላይ ሲደርስ፣ ዙሪያውን ምን እንደሚታየው እየነገረን ሳለ፣ እህቴ ከኋላ ሆና፣ «የእኔ ልጅ፣ እስቲ ደግሞ አንተ ያለህበትን ንገረን» አለች።

«አናቱ ላይ ነኝ እኮ እማዬ።»

«እሱን አይደለም። ቤትህን።»

ዝምታ። ኔትወርኩ የተቋረጠ መስሎን ልጆቹ ስልኳን ነካኩ። አልተቋረጠም፤ ትንፋሹ ይሰማል። ከዚያ የሆነ ነገር ጠረጴዛ ላይ ሲቀመጥ ሰማን። መነጽሩን አውልቆ ነበር።

ሳሎን ነው አለ። የሚተኛው ሳሎኑ ውስጥ ነው፤ ከሌሎች ሦስት ልጆች ጋር ነው የተከራየው፣ መኝታ ቤቶቹ የእነሱ ናቸው። እሁድ ቀን የሚጫወተው እነሱ ሥራ ስለሚሄዱ ነው። መነጽሩ ሁለት ሜትር በሁለት ሜትር የሚሆን ባዶ ቦታ ይፈልጋል፤ ያን ለማግኘት ፍራሹን አንስቶ ግድግዳ ላይ ያቆመዋል፤ ሲጨርስ መልሶ ያነጥፈዋል። ይህን ሁሉ ተራራውን ከገለጸበት በተሻለ አማርኛ ነው የነገረን። መስኮቱን እንኳ አልረሳም፤ የመኪና ማቆሚያ ያሳያል አለ።

እኛ የራሱ ቤት ያለው ይመስለን ነበር። እሱ ነግሮን አይደለም፤ ለዚያ ሁሉ ዝላይ የሚበቃ ቦታ ካለው ብለን ገምተን ነው።

እህቴ ምን የምትል ይመስላችኋል? እኔ ታለቅሳለች ብዬ ልጆቹን ከክፍሉ ለማስወጣት ተነሥቼ ነበር። «ፍራሹ መሬት ላይ ነው?» አለች።

«አዎ።»

«መሬት ይቀዘቅዛል፤ ከሥሩ ካርቶን አድርግበት። ዕቃ የሚሸጡበት አታጣም፣ ለምናቸው።»

«እሺ እማዬ።»

«ስታቆመው ደግሞ አራግፈው።»

በሚቀጥለው እሁድ ዝናቡ አባርቶ ኔትወርኩ ተመልሶ ነበር። ልጁ ያ ጭንቅላት የሚያዞረው ነገር እንዲቀንስ ምስሉን የሚያረጋጋ ማስተካከያ አግኝቷል፤ ለእኔ ሲል እንዳደረገው ነግሮኛል፣ አመሰግነዋለሁ። ዝንጀሮዎቹ ጥርት ብለው መጡ። እህቴ ዱካዋን ስባ ተጠጋችና «ምስሉን አጥፉትና ያውራልን» አለች። ልጆቹ ተንጫጩ። በድምፅ ብልጫ ይወሰን ተባለ። እኔ ከእሷ ጋር ነበርኩ፤ አምስት ለሁለት ተሸነፍን።