ከእስር ቤት የተጻፈ ፊልም

ዪልማዝ ጉኔይን ማድነቅ ቀላል ነው፤ መተቸቱ ነው የሚከብደው። ሰውዬው ታስሯል፣ አምልጧል፣ በስደት ሞቷል። የእንዲህ ያለውን ሰው ሥራ “ይኼኛው እንኳ ደከም ብሏል” ማለት ለቅሶ ቤት ገብቶ ዕዳ እንደ መጠየቅ ይመስላል። ቢሆንም እንሞክር።

እ.ኤ.አ. በ1937 አዳና አካባቢ የተወለደው ይህ ኩርድ መጀመሪያ የታወቀው በተዋናይነቱ ነው፤ ሕዝቡ “አስቀያሚው ንጉሥ” ይለው ነበር። በ1968 የራሱን ኩባንያ፣ ጉኔይ ፊልምን፣ አቋቋመ። በ1970 “ኡሙት”ን፣ ማለትም “ተስፋ”ን ሠራ። የባለጋሪውን የጀባርን ፈረስ መኪና ይገጭበታል፤ የሚክሰው የለም። ሰውዬው ሄዶ ሄዶ የተቀበረ ሀብት አገኛለሁ ብሎ መሬት ይቆፍራል። የቱርክ ሳንሱር ፊልሙን አገደው። ያየው ሰው ለምን ብሎ አይጠይቅም።

በ1974 አንድ ዳኛ በጥይት ተገደለ፤ ጉኔይ ጥፋተኛ ተብሎ 19 ዓመት ተፈረደበት። አድናቂዎቹ ይህቺን ነገር ቶሎ ብለው ማለፍ ይወዳሉ። እኔ ግን አልወድም። የሞተውም ሰው ነበረ።

የሚገርመው ከዚያ በኋላ ያለው ነው። ታስሮ ሳለ ጽፎ፣ ሌሎች ውጭ ሆነው ይቀርጹለት ነበር። “ሱሩ”ን ዘኪ ኦክተን በ1978፣ “ዮል”ን ደግሞ ሸሪፍ ጎረን ሠሩት። በ1981 አምልጦ ወጣና “ዮል”ን አውሮፓ ውስጥ ራሱ አቀናበረው፤ በ1982 ካን ላይ ከኮስታ ጋቭራስ “ሚሲንግ” ጋር የወርቅ ዘንባባውን ተካፈለ። ታዲያ ፊልሙ የማነው?

በረዶው ላይ ያለውን ትዕይንት እንይ። የጥቂት ቀን ፈቃድ ያገኘው እስረኛ ሰይድ አሊ ወደ ሚስቱ ወደ ዚኔ ይሄዳል። ክብራችንን አዋረደች ተብላ በሰንሰለት ታስራ ቆይታለች፤ እንዲገድላት ይጠበቃል። በበረዶው ይዟት ይጓዛል፤ ቅዝቃዜው ይግደላት ብሎ። ስትወድቅ ግን አንጀቱ አይችልም። እንዳትተኛበት ይገርፋታል። ለመግደል የተሰነዘረ የሚመስለው እጅ ለማዳን ሲመታ ታያላችሁ፤ አይተርፍላትም እንጂ። ይህን ጠምዛዛ ሐሳብ የወለደው ብዕር ነው። ግን ያንን ነጭ ሜዳ ያለ ሙዚቃ ጋጋታ፣ ያለ ስብከት ያሳየን ጎረን ነው። ስሙ ከጉኔይ ጥላ ሥር መቅረቱ ያናድደኛል።

ማስረጃ የሚፈልግ “ዱቫር”ን ይመልከት። በ1983 ጉኔይ ፈረንሳይ ውስጥ፣ ነፃ ሰው ሆኖ፣ በገዛ እጁ ያዘጋጀው ነው። ስለታሰሩ ሕፃናት ነው፤ እውነቱም መራራ ነው። ግን ጩኸቱ ከዳር እስከ ዳር አንድ ዓይነት ነው፤ “ዮል” ላይ ያለችው ዝምታ የለችም። ቁጣውን የሚያበርድለት ሌላ እጅ አልነበረውማ!

በመስከረም 1984 ፓሪስ ውስጥ በ47 ዓመቱ አረፈ። “ዮል” ለቱርክ ተመልካች በይፋ የተፈቀደው በ1999 ነው።