ባሕረ ሐሳብ ለማን ይነገራል? ሒሳብ፣ የሰው ቋንቋና ኮድ በአንድ ስሌት

ሒሳብ፣ የሰው ቋንቋና የፕሮግራም ቋንቋ ሲነጻጸሩ የተለመደው አስተያየት በደረጃ ያስቀምጣቸዋል፤ የሰው ቋንቋ አሻሚ፣ ሒሳብ ጥንቁቅ፣ ኮድ ደግሞ የሒሳብ አገልጋይ ነው ይባላል። ይህ ዳሰሳ ያንን አመዳደብ ይሞግታል። ማስረጃው ከጣና ግራና ቀኝ፣ በጎጃምና በጎንደር የአብነት ትምህርት ቤቶች ሲወርድ ሲዋረድ የመጣው የበዓላትና የአጽዋማት ማውጫ ስሌት፣ ባሕረ ሐሳብ ነው። በጣና ደሴት ገዳማት፣ በክብራን ገብርኤልም ሆነ በዳጋ እስጢፋኖስ፣ ጾም የሚገባው በዚሁ ስሌት ነው፤ ትውፊቱም ስሌቱን ለእስክንድርያው ሊቀ ጳጳሳት ለድሜጥሮስ ይሰጣል። ሦስቱን የሚለያቸው የጥንቃቄ ማነስና መብለጥ አይደለም፤ እያንዳንዱ ሳይናገር ለሰሚው የሚተወው ነገር ነው።

ስሌቱን በ2017 ዓ.ም. እንከተል። 5500 ዓመተ ኵነኔ ሲጨመርበት ዓመተ ዓለሙ 7517 ይሆናል። ለ19 ሲካፈል 12 ይተርፋል፤ ከዚያ አንድ ተቀንሶ የሚቀረው 11 ወንበር ይባላል። ወንበር በ11 ተባዝቶ ሠላሳ ሠላሳው ሲገደፍ አበቅቴ 1 ይወጣል፤ በ19 ተባዝቶ ሲገደፍ መጥቅዕ 29 ይወጣል። መጥቅዕ ከ14 ከበለጠ በዓለ መጥቅዕ በመስከረም፣ ካነሰ በጥቅምት ይውላልና፣ የዚያ ዓመት በዓለ መጥቅዕ መስከረም 29 ነበር። ዕለቱ ረቡዕ ነበር፤ ለረቡዕ የተመደበው ተጨማሪ ቁጥር፣ ማለትም ተውሳክ፣ 4 ነው። 29 እና 4 ተደምረው 33 ሲሆኑ፣ ሠላሳው ተገድፎ መባጃ ሐመር 3 ይሆናል። ድምሩ ከሠላሳ በማለፉ ጾመ ነነዌ ጥርን ተሻግሮ የካቲት 3 ገባ። በመባጃ ሐመር ላይ የትንሣኤ ተውሳክ 9 ሲጨመር ደግሞ ከሁለት ወር በኋላ ሚያዝያ 12 ይመጣል፤ ትንሣኤም በዚያ ቀን ዋለ።

እዚህ ውስጥ አንድም የሒሳብ ምልክት የለም። ወንበር፣ አበቅቴና መጥቅዕ ዋጋቸው በየዓመቱ የሚለዋወጥ፣ ስማቸው ግን የማይለወጥ ተለዋዋጮች ናቸው፤ «ከበለጠ» እና «ካነሰ» መንገድ ይከፍላሉ። በዘጠነኛው መቶ ክፍለ ዘመን በባግዳድ የሠራው አል ኸዋሪዝሚም አልጀብራውን የጻፈው በቃላት ነበር፤ የእኩል ምልክት በሮበርት ሬኮርድ መጽሐፍ የታየው እ.ኤ.አ. በ1557 ነው። ስለዚህ ምልክት ጥንቃቄን ያሳጥራል እንጂ አይፈጥርም።

የአማርኛ ሰዋስውም ለዚህ ሥራ ይመቻል። «ወንበርን በ19 አባዝቶ፣ ሠላሳውን ገድፎ፣ ተውሳኩን ደምሮ» ስንል ቦዝ አንቀጾቹ በአፈጻጸማቸው ቅደም ተከተል ይሰለፋሉ፤ በየእርምጃው የሚሠራበት ነገር ቀድሞ ድርጊቱ ይከተላል። በሒሳብ አጻጻፍ ግን ተደራራቢ ፈንክሽኖች ሲጻፉ መጨረሻ የሚሠራው ከፊት ይቆማል። ቻርልስ ሙር የፈጠረው ፎርዝ የተባለው የፕሮግራም ቋንቋ ቁጥሮቹን አስቀድሞ ድርጊቱን በማስከተሉ ከሒሳብ ቀመር ይልቅ ለአማርኛ ዐረፍተ ነገር ይቀርባል።

ልዩነቱ የሚገለጠው በዝምታዎቹ ነው። መጥቅዕ ከ14 ቢበልጥ መስከረም፣ ቢያንስ ጥቅምት ተባለ፤ ልክ 14 ቢሆንስ? የኔታ አይናገሩም፤ ተማሪውም አይጠይቅም፤ በአሥራ ዘጠኙ ወንበሮች ሁሉ መጥቅዕ 14 ሆኖ አያውቅምና። ሒሳብ ምክንያቱን ይሰጣል፦ 14 እንዲመጣ ወንበር 26 መሆን አለበት፣ ወንበር ግን ከ18 አያልፍም። ፕሮግራም ጸሐፊው በበኩሉ «ከ14 ከበለጠ መስከረም፣ አለዚያ ጥቅምት» ብሎ ሲጽፍ፣ ሳያስበው 14ን ለጥቅምት ሰጥቷል። የኔታ በልማድ የተዉትን፣ ሒሳብ በማስረጃ የዘጋውን፣ ኮዱ በዘፈቀደ ወሰነው።

ሁለተኛው ዝምታ ስለ ዜሮ ነው። በ2006 ዓ.ም. ወንበር አልቦ ነበር፤ በ19 ቢባዛም አልቦ ነው። ሊቃውንቱ እንዲህ ሲሆን መጥቅዕን 30 ብለው በዓሉን መስከረም 30 ያውላሉ። ይህን ያልተማረ ፕሮግራም ዜሮ ከ14 ያንሳል ብሎ «ጥቅምት 0» ይላል። የሚገርመው፣ ጥቅምት 0 ማለት በቆጠራ መስከረም 30 ራሱ ነው፤ ዕለቱ ሐሙስ፣ ተውሳኩ 3 ሆኖ በሁለቱም መንገድ ነነዌ የካቲት 3 ይወጣል። በሒሳብ ዓይን ዜሮና ሠላሳ በግድፈት አንድ ናቸው። ነገር ግን በዓል የሚያከብር ሕዝብ ዜሮ ቀን የለውም። የሊቃውንቱ ሕግ የሒሳብ እርማት ሳይሆን ውጤቱ በሰው አንደበት እንዲነገር የሚያደርግ ድንጋጌ ነው።

የ«ለምን» ጥያቄ ደግሞ የሒሳብ ድርሻ ነው። አበቅቴ በ11 የሚባዛው የ365 ቀን የፀሐይ ዓመት ከ354 ቀን የጨረቃ ዓመት በ11 ስለሚበልጥ ነው፤ 11 እና 19 ሲደመሩ 30 ስለሚሆኑም አበቅቴና መጥቅዕ ምንጊዜም አንዱ የሌላው ማሟያ ነው። ኮዱ ይህን ሳያውቅ በትክክል ይሠራል። በምላሹ ሌላ ነገር ይሰጣል፦ ዐቢይ ቀመር የሚባለው ዑደት 532 ዓመት፣ ማለትም 4 በ7 በ19 ተባዝቶ፣ በመሆኑ፣ ከዚያ በኋላ ዓመቱ የሚሰየምበት ወንጌላዊ፣ ዕለቱና ወንበሩ ወደ መነሻቸው ይመለሳሉ። አብዛኛው ፕሮግራም በናሙና ሲፈተሽ የባሕረ ሐሳብ ፕሮግራም ግን ሁሉንም 532 ዓመታት ጨርሶ ሊፈተሽ ይችላል።

ይህ የባሕረ ሐሳብና የኮድ ግንኙነት ለባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ቅርብ ጉዳይ ነው። መነሻው በሶቪየት ኅብረት ትብብር እ.ኤ.አ. በ1963 የተከፈተው ፖሊ ቴክኒክ ሲሆን፣ ዛሬ ኮምፒውተር ሳይንስ የሚማሩበት ቅጥር ግቢ ከአብነት ትምህርት ቤቶች ሩቅ አይደለም። «በአማርኛ ፕሮግራም እንጻፍ» የሚለው ጥሪ ግን አብዛኛውን ጊዜ የእንግሊዝኛን ቁልፍ ቃላት ተርጉሞ ከመተካት አያልፍም። የግእዝ ፊደል እ.ኤ.አ. በ1999 በወጣው ዩኒኮድ 3.0 ውስጥ ስለተካተተ የፊደሉ ጥያቄ መልስ አግኝቷል። የቀረው የአስተሳሰብ ጥያቄ ነው። ለስሙ የሚመጥን የአማርኛ የፕሮግራም ቋንቋ የቦዝ አንቀጹን ቅደም ተከተል መነሻ ማድረግ፣ ከየኔታ ስያሜንና የሰሚን አቅም ማወቅን፣ ከሒሳብ ምክንያትን መውሰድ፣ ጸሐፊውንም ስለ 14 በግልጽ እንዲናገር ማስገደድ ይኖርበታል።