በወሩ ዝርዝር ውስጥ ያለ አንድ ስም

የቪዲዮ ጨዋታ የምትጫወቱ ወጣቶች ይህን ጽሑፍ በሚገባ ታውቁታላችሁ፤ እንደ ጽሑፍ ቆጥራችሁ ግን አንብባችሁት ላታውቁ ትችላላችሁ። የማይክሮሶፍቱ ጌም ፓስ አብዛኛውን ጊዜ በወር ሁለት ጊዜ አንድ ዝርዝር ያወጣል። የሚመጡት ጨዋታዎች ከነቀናቸው ይደረደራሉ፤ ከእያንዳንዱ ስም ሥር ሁለት ሦስት ዓረፍተ ነገር ይከተላል። በእነዚያ ዓረፍተ ነገሮች ውስጥ ደካማ ጨዋታ የለም፤ ሁሉም ድንቅ ነው፣ ሁሉም አዲስ ዓለም ነው። ወረድ ብሎ ደግሞ የሚሰናበቱት ስሞች አሉ፤ ስለ እነርሱ ምንም አይባልም። የሶኒው ፕሌይስቴሽን ፕላስም የራሱ ወርሃዊ ዝርዝር አለው።

ስለ ጨዋታዎቹ የሚጽፉ ሐያስያን ብዙ ናቸው። ስለ ዝርዝሩ የሚጽፍ ግን ብዙም አላየሁም። እኔ ዝርዝሩም ሒስ ይገባዋል ባይ ነኝ፤ ምክንያቱም ጨዋታውን ገና ሳንከፍት እንዴት እንደምንጫወተው የሚያስለምደን እርሱ ነው።

አንዱን ወስደን እንየው። እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 2022 መጀመሪያ የወጣው ዝርዝር ላይ ጎስት ሶንግ፣ ፉትቦል ማናጀር 2023፣ ሪተርን ቱ መንኪ አይላንድ፣ ቫምፓየር ሰርቫይቨርስ፣ ሰመርቪል እና ፔንቲመንት ይገኙበታል። የእግር ኳስ አሰልጣኝነት፣ የባሕር ወንበዴ ቀልድ፣ በሺህ ከሚቆጠሩ ጭራቆች ጋር ግብግብ፣ ከሌላ ዓለም የመጣ ወረራ፤ ሁሉም በአንድ ገበታ ላይ፣ በአንድ መጠን ፎቶ፣ በአንድ ዓይነት የሙገሳ ቋንቋ። ቫምፓየር ሰርቫይቨርስ ውስጥ አንድ ዙር ሠላሳ ደቂቃ ገደማ ነው፤ አውቶቡስ እየጠበቃችሁም ትጨርሱታላችሁ። ሰመርቪልንና ፔንቲመንትን ደግሞ በዚያው በኖቬምበር 15 አንድ ላይ ለቀቋቸው። ፔንቲመንት ወደ ሃያ ሰዓት የሚጠጋ ንባብ ይጠይቃል። ዝርዝሩ ይህን ልዩነት አይነግራችሁም። መንገርም አይችልም፤ ሥራው ከቁጥሩ ብዛት የሚመጣውን ደስታ ማስተላለፍ ነውና።

ጥቂት ታሪክ ልጨምር። ጌም ፓስ እ.ኤ.አ. በጁን 2017 ሲጀመር ክፍያው በወር 9.99 ዶላር ነበር፤ ከመቶ በላይ ጨዋታዎች ይዞ ተነሣ። በ2018 ኩባንያው የራሱ ስቱዲዮዎች የሚሠሯቸው አዳዲስ ጨዋታዎች በሚወጡበት ቀን እዚያው እንደሚገኙ አስታወቀ። በ2024 መጀመሪያ ደንበኞቹ 34 ሚሊዮን መድረሳቸውን ተናገረ። በኦክቶበር 2025 አልቲሜት የተባለው ከፍተኛው ደረጃ ከ19.99 ወደ 29.99 ዶላር ዘለለ። ዋጋው ራሱ ለዛሬው ነገራችን ዋና አይደለም። ዋናው፣ ስልሳና ሰባ ዶላር አውጥቶ አንድ ጨዋታ የገዛ ሰው ሳይወደውም ቢሆን እልህ ይዞት ይቀጥል የነበረ መሆኑ ነው። አሁን ያ እልህ ጠፍቷል። ሃያ ደቂቃ ይሞከራል፣ ካልጣመ ይዘጋል፣ ቀጣዩ ይወርዳል። ገንዘቡ አስቀድሞ ስለተከፈለ የሚቀረው ጥያቄ የጊዜ ብቻ ይሆናል፤ ጊዜ ደግሞ ማንም ደረሰኝ የማይቆርጥለት ነገር ነው።

እንግዲህ ከእነዚያ ስሞች መካከል ፔንቲመንትን ላውጣው።

ታሪኩ የሚሆነው በባቫሪያ፣ ታሲንግ በምትባል ልብ ወለድ መንደርና ከአጠገቧ ባለው በኪርሳው ገዳም ነው። ዘመኑ 1518 ነው፤ ሉተር ዘጠና አምስቱን ሐሳቦች ካወጣ ገና አንድ ዓመቱ። አንድሪያስ ማለር የሚባል፣ ገና ሊቅ ያልተባለ ወጣት ሠዓሊ በገዳሙ የጽሕፈት ቤት ተቀምጦ የመጽሐፍ ሥዕል ይሠራል። አንድ ባሮን ለጉብኝት ይመጣል፤ በገዳሙ ውስጥ ተገድሎ ይገኛል። ጥፋቱ የሚለጠፈው ፒዬሮ በሚባል ሽማግሌ መነኩሴ ላይ ነው፤ ፒዬሮ የአንድሪያስ ወዳጅና መምህር ነው። አንድሪያስ ሽማግሌው እንዳልገደለ ያምናል። ከፍርዱ በፊት ያለው ግን የቀናት ጊዜ ብቻ ነው።

ጨዋታው ውስጥ ውጊያ የለም ማለት ይቻላል። ድምፅ የሚሰጡ ተዋንያንም የሉም። ሰዎቹ የሚናገሩት በጽሑፍ ነው፤ ውበቱም እዚህ ላይ ይጀምራል። መነኮሳቱ የሚናገሩት በጥንታዊ የብራና ፊደል ነው። ገበሬዎቹ በተዘበራረቀ የእጅ ጽሑፍ። አታሚው ሲናገር ቃሉ እንደ እርሳስ ፊደል ይደረደርና ታትሞ ይወጣል። የተናደደ ሰው ቀለሙ ይረጫል፤ የተሳሳተ ፊደል ይፋቅና ይታረማል። አንድሪያስ አንድን ሰው ያልተማረ መስሎት ቆይቶ የተማረ መሆኑን ሲያውቅ የዚያ ሰው ፊደል ዓይናችን እያየ ይለወጣል። ይህን ያህል ትንሽ በሆነ ነገር ሰውን በመልኩና በልብሱ መመዘን ምን እንደሆነ የሚያሳይ ልብ ወለድ ብዙ አላነበብኩም።

ከሁሉ የገረመኝ ግን ቀዩ ቀለም ነው። በንግግር መካከል የእግዚአብሔር ስም ሲመጣ ጽሑፉ ቦታውን ባዶ ትቶ ያልፋል፤ ዓረፍተ ነገሩ ካለቀ በኋላ ተመልሶ ስሙን በቀይ ይሞላዋል። የእኛን የግእዝ ብራናዎች ያየ ሰው ይህን ለማወቅ ማብራሪያ አያስፈልገውም፤ ጸሐፊዎቻችን የተቀደሱትን ስሞች በቀይ ቀለም ይጽፉ ነበር። አሜሪካ ካሊፎርኒያ ውስጥ ያለው ኦብሲዲያን የተባለ ስቱዲዮ የአውሮፓን የጽሕፈት ቤት ሲያጠና ያገኘው ልማድ በእኛም ገዳማት የኖረ ልማድ ነው።

ግንኙነቱ በቀለም ብቻ አያበቃም። በገዳሙ ከሚያርፉ እንግዶች አንዱ ስብሐት የሚባል ኢትዮጵያዊ ካህን ነው። መጽሐፉን ገልጦ ታሪኩን ሲያሳይ የጨዋታው ሥዕል ራሱ ይለወጣል፤ ፊቶቹ ጠየም ይላሉ፣ ዓይኖቹ ትላልቅ ይሆናሉ፣ ልክ በአብያተ ክርስቲያናት ግድግዳ ላይ እንደምናውቃቸው። የመንደሩ ሰዎች ይደነቃሉ። የባቫሪያ ገበሬ መድኃኒቱን የራሱን ጎረቤት አስመስሎ ሥሎ የኖረ ነው፤ ሌላው ሕዝብም እንዲሁ እንደሚያደርግ አስቦት አያውቅም።

አንዳንድ ተጫዋች ይህን የዘመናችን ፈረንጅ ለይሉኝታ የጨመረው ነው ብሎ ሊያጣጥለው ይችላል። አይደለም። በዚያ ዘመን በሮም፣ ከቅዱስ ጴጥሮስ ቤተ ክርስቲያን ኋላ፣ ሳንቶ ስቴፋኖ በሚባለው ቤት ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ይኖሩ ነበር። በ1513 የግእዝ መዝሙረ ዳዊት ሮም ላይ ታትሟል፤ ያሳተመውም ዮሐንስ ፖትከን የተባለ ጀርመናዊ ነበር። በ1534 ደግሞ ሚካኤል የሚባል ኢትዮጵያዊ ዲያቆን እስከ ዊተንበርግ ድረስ ሄዶ ከራሱ ከማርቲን ሉተር ጋር ስለ እምነት ተነጋግሯል። ስለዚህ ስብሐት በታሲንግ መገኘቱ ለእንግዳው መንደር ያስደንቅ እንጂ ለታሪክ እንግዳ አይደለም። በእኛ አብያተ ክርስቲያናት የተሐድሶን ታሪክ ስንማር ኢትዮጵያ የምትገባው አብዛኛውን ጊዜ ከሚስዮናውያኑ ዘመን ጀምሮ ነው። አንድ የቪዲዮ ጨዋታ ሦስት መቶ ዓመት ወደ ኋላ ቢወስደን አይከፋም።

ወደ ግድያው ልመለስ። አንድሪያስ ይጠይቃል፣ ከዚህም ከዚያም ቤት ማዕድ ይቀርባል፤ ምግብ ላይ የሚሰማው ወሬ ከማንኛውም ማስረጃ ይበልጣል። ሁሉን መጠየቅ ግን አይችልም፤ አንዱን ቤት ከመረጠ ሌላው ያልፈዋል። ተጠርጣሪዎቹ አንዲት አረጋዊት መበለት፣ አንዲት መነኩሲት፣ አንድ ግንበኛና የገዳሙ ምክትል አለቃ ናቸው። ሁሉም ባሮኑን የሚጠሉበት ምክንያት አላቸው፤ በአንዳቸውም ላይ ግን የተሟላ ማስረጃ አይገኝም። በመጨረሻም ዳኛው ፊት ቆሞ ስም መስጠት ግድ ይሆናል። ስም የተሰጠው ሰው ይሞታል፤ ሞቱንም ታያላችሁ።

እዚህ ላይ ከሌሎች የወንጀል ምርመራ ጨዋታዎች ይለያል። ትክክል ነህ ወይም ተሳስተሃል የሚል ማስታወቂያ አይመጣም። ይልቁንም ሰባት ዓመት ያልፋል። 1525 ነው፤ ገበሬዎች በጌቶቻቸው ላይ እየተነሡ ነው። አንድሪያስ የታወቀ ሊቅ ሆኖ ወደ ታሲንግ ይመለሳል። ያኔ ያጫወታቸው ሕፃናት አድገዋል፤ አንዳንዶቹ ሞተዋል። ለሞት የሰጠውን ሰው ደግሞ መንደሩ አልረሳም። ሰዎቹ በደስታ ይቀበሉትና ማዕድ ላይ አንድ ባዶ ቦታ ይታያል። ስለዚያ ቦታ የሚናገርም አለ፣ ዝም የሚልም አለ።

የጨዋታው ስም የመጣው ፔንቲሜንቶ ከሚለው የጣሊያንኛ ቃል ነው፤ ጸጸት፣ ንስሐ ማለት ነው። ሠዓሊ አንድን እጅ ሥሎ ሐሳቡን ይለውጥና በላዩ ሌላ ይቀባበታል። ዘመናት አልፈው ቀለሙ ሲሳሳ የፊተኛው እጅ ብቅ ይላል። ሠዓልያን በዚህ ስም የሚጠሩት ያንን ነው። ንስሐን እንደ መደምሰስ ብቻ ለምናስብ ሰዎች ቃሉ ራሱ ጥያቄ ያስነሣል፤ ጨዋታው ግን አይሰብክም፣ የተሸፈነውን ያሳያል እንጂ።

እንከን የለበትም አልልም። ከመንደር ገዳም፣ ከገዳም መንደር መመላለሱ ያታክታል። በ1543 የሚሆነው ሦስተኛው ክፍል ሴራው ይላላል፤ የፍርዱ ቀን ጥድፊያ ስለሌለ ጭንቀቱም አብሮ ይጠፋል። ግድያ፣ የሞት ቅጣትና የጎልማሶች ጉዳይ ስላለበትም ለታናናሾቻችሁ የሚሆን አይደለም። መነኮሳቱን በተመለከተ ግን ሚዛኑን ወድጄዋለሁ። ግብዝም አለ፣ ደግም አለ፤ ሃይማኖተኛ ሁሉ ሞኝ ወይም አታላይ የሚሆንበትን የተለመደ ድርሰት አልደገሙትም።

አሁን አስቸጋሪው ነገር ይመጣል። የጨዋታው ዳይሬክተር ጆሽ ሶየር፣ ጌም ፓስ ባይኖር ኖሮ ይህን ሐሳብ ለአለቆቹ ባላቀረበው እንደነበር ተናግሯል። እውነቱን ነው። ስለ አሥራ ስድስተኛው ክፍለ ዘመን የሚነበብ፣ ጥይት የሌለበት ጨዋታ በሱቅ ብቻ ቢሸጥ ማን ይደፍርበታል? ወርሃዊው ክፍያ ለትልልቆቹም ለትንንሾቹም አንድ ላይ ስለሚከፍል ትንሹም በጥላው ሥር ይበቅላል። ስለዚህ ዝርዝሩን በጅምላ የሚያወግዝ ሰው ፔንቲመንትንም አብሮ ያወግዛል። ችግሩ ያው ዝርዝር በሁለት ሳምንት ውስጥ አዲስ ስሞች አምጥቶ ያሳደገውን መልሶ መሸፈኑ ነው። ታጋሽ አንባቢ የሚፈልገውን ሥራ ያመጣው ቤት፣ ደንበኛውን ትዕግሥት እንዳይለምድ ያደርገዋል።

መወደድ ብቻውም ዋስትና አይደለም። ሃይ ፋይ ረሽ በጃንዋሪ 2023 ያለ ማስታወቂያ በአንድ ቀን ተዋውቆ ተለቀቀ፤ ከሚሊዮን በላይ ሰዎች ተጫወቱት፣ ተወደሰ። በሜይ 2024 ማይክሮሶፍት የሠራውን የጃፓን ስቱዲዮ ታንጎ ጌምወርክስን እንደሚዘጋ አስታወቀ። በኋላ አንድ የኮሪያ ኩባንያ አነሣው። ተጫዋቹ ለሠሪው በቀጥታ ስላልከፈለ ፍቅሩ የት እንደደረሰ ሊያውቅ አልቻለም።

በእኛ የወጣቶች ስብሰባዎች ስለ ጌም ሲነሣ ጥያቄው ብዙ ጊዜ ደም አለበት ወይ፣ ጥንቆላ አለበት ወይ ነው። ተገቢ ጥያቄዎች ናቸው። ግን ምንም ደም የሌለበት ዝርዝር ፊት ተቀምጦ አንድም ነገር ሳይጨርስ ምሽቱን የሚገፋ ወጣት አለ፤ በዋሽንግተንም በፍራንክፈርትም ያሉ ልጆቻችን ይህን ያውቁታል። አዲስ አበባ ላይ ፕሌይስቴሽን ቤት ገብቶ በጨዋታ ሒሳብ የሚከፍለው (ብዙ ጊዜ ከፋዩ ተሸናፊው ነው) ይህ ምርጫ ስለሌለው አንዱን ጨዋታ ጠንቅቆ ያውቀዋል። አስቀናኝ ልል ምንም አልቀረኝም።

ፔንቲመንት እ.ኤ.አ. ከፌብሩዋሪ 2024 ጀምሮ በፕሌይስቴሽንና በኔንቲዶ ስዊችም አለ፤ ለብቻውም ይገዛል። እንግሊዝኛ ንባቡ ለጀማሪ ይከብዳልና በኅብረት ብትጫወቱት ይሻላል። አንዱ መቆጣጠሪያውን ይያዝ፤ አንዷ የመበለቲቱን ቃል፣ ሌላው የአታሚውን ድምፁን ከፍ አድርጎ ያንብብ። ዳኛው ፊት ስም የመስጠቱ ሰዓት ሲደርስ ቁልፉን ከመጫናችሁ በፊት ተከራከሩ፣ ድምፅም ስጡ። ገዳዩ ማን እንደሆነ ኢንተርኔት ላይ አትፈልጉ፤ ሠሪዎቹ ሆን ብለው ስላልወሰኑት መልሱ እዚያም የለም።